አፈር የሚያራግፉ ሴቶች፦ ስለ ፓትሪሲዮ ጉስማን «የብርሃን ናፍቆት» ፊልም

መጀመሪያ ፍርዴን ልናገር፣ ምክንያቱን ቀስ ብዬ እመጣበታለሁ። ይህን ፊልም እዩት። ግዙት፣ ተዋሱት፣ ካገኛችሁበት እዩት። በስልክ ግን አትዩት። ከቻላችሁ ደግሞ ብቻችሁን አትዩት።

«የብርሃን ናፍቆት» የሚለውን የአማርኛ ስም ያወጣሁለት እኔ ነኝ፤ የስፓኒሽ ርዕሱ ሲተረጎም ወደዚያ ይጠጋል። የሠራው ቺሊያዊው ፓትሪሲዮ ጉስማን ነው። እ.ኤ.አ. በ2010 ወጣ፣ 90 ደቂቃ ነው፣ በዚያው ዓመት የአውሮፓ ፊልም አካዳሚ የዘጋቢ ፊልም ሽልማቱን ሰጥቶታል። ዘጋቢ ፊልም ስላልኩ ግን ቀን፣ ቦታና ቁጥር እየደረደረ የሚሄድ ነገር እንዳትጠብቁ። ይህ ሰው ካሜራውን አቧራ ላይ ያቆማል። ዝም ብሎ። ብርሃን ገብቶ አቧራው ሲንሳፈፍ ታያላችሁ፣ ቆይቶ አቧራው ኮከብ ይመስላችኋል፣ ቆይቶ ኮከቡ አሸዋ ይሆናል፣ ከዚያ አሸዋው መሀል አንዲት ትልቅ ሴት ጎንበስ ብላ በትንሽ አካፋ ስትጭር ታገኟታላችሁ። የፊልሙ አካሄድ ይኸው ነው። ተራኪ አለ፣ ራሱ ጉስማን ነው የሚተርከው፣ ግን ሲናገር ቀስ ይላል፣ ዝም ሲልም ብዙ ዝም ይላል።

ዲስኩን ያመጣልኝ ከውጭ የመጣ ጓደኛዬ ነው። ቤት ያለው ማጫወቻ አላነብም አለኝ፣ የክልል ኮዱ አይገጥምም። ላፕቶፕ ላይ ከፍቼ በኬብል ከቴሌቪዥኑ ጋር አገናኘሁት። ይህን የምነግራችሁ እናንተም ከውጭ የምታስመጡ ከሆነ አስቀድማችሁ እንድትጠይቁ ነው። ሰብታይትሉ እንግሊዝኛ ነው፣ አማርኛ የለውም። እኔ ያለኝ ቅጂ ላይ ጽሑፉ ነጭ ነው፣ በረሃው ደግሞ ጨው ነው፣ እና ነጭ በነጭ ላይ ሲሆን አንዳንድ ቦታ ዓይን ያለፋል። ከዋናው ፊልም ሌላ ስለ ቺሊ የከዋክብት ተመራማሪዎች የተሠሩ አጫጭር ፊልሞች ተጨምረውበታል። ደስ ይላሉ፣ ቀለል ይላሉ፣ ዲስኩን የምትገዙት ግን ለእነሱ ብላችሁ አይደለም።

አብራኝ ያየችው አክስቴ ናት። መጀመሪያ ላሳያት አላሰብኩም ነበር። እሁድ ከሰዓት እኛ ጋ መጥታ ሳለ ከፍቼው ነበር፣ «ምንድነው ይሄ ደረቅ አገር?» ብላ አጠገቤ ተቀመጠች። በዚያው ቀረን።

ደረቁ አገር አታካማ ነው። ሰሜን ቺሊ። ከዋልታዎቹ ውጭ በዓለም ላይ ካሉት ሁሉ ደረቁ በረሃ ይባላል። ጉስማን ከህዋ ላይ ስትታይ ምድራችን ላይ እርጥበት የሌላት ቡናማ ነጥብ ይህች ብቻ ናት ይላል። የአፋርን የጨው ሜዳ ያየ ሰው መሬት ሲሰነጣጠቅና ከጫማ ስር ሲንኮሻኮሽ ምን እንደሚመስል ያውቃል፤ ያን የመሰለ መሬት ከባህር ጠረፍ ጀምሮ ወደ ተራራው እየወጣ ማለቂያ ሲያጣ አስቡት። ነፍሳት የለም፣ ሣር የለም፣ ወፍ የለም። ድምፁን ከፍ አድርጋችሁ ስሙት። ነፋሱና የሰው ዱካ ብቻ ነው የሚሰማው፣ አልፎ አልፎ ደግሞ ትልቅ የብረት ነገር ሲዞር የሚያሰማው ጩኸት። ያ ብረት ቴሌስኮፕ ነው።

ምክንያቱም በዚህ በረሃ ሁለት ዓይነት ሰው ነው የሚኖረው። አንደኛው ሰማይ የሚያይ ነው። አየሩ ደረቅ ስለሆነ፣ ቦታው ከፍ ያለ ስለሆነ፣ የከተማ መብራትም ስለሌለ ዓለም ትልልቅ ቴሌስኮፖቹን እዚያ ተክሏል። ፓራናል የሚባለው ተራራ ላይ ብቻ እያንዳንዳቸው 8.2 ሜትር ስፋት ያላቸው መስታወቶች የያዙ አራት ቴሌስኮፖች አሉ። (እኛም እንጦጦ ላይ ባለ አንድ ሜትር ሁለት አሉን፣ ክረምቱ ግን ዳመና ነው።) ሁለተኛው ዓይነት ሰው መሬት የሚያይ ነው። ከካላማ ከተማ የሚመጡ ሴቶች ናቸው። ባሎቻቸውን፣ ወንድሞቻቸውን፣ ልጆቻቸውን ነው የሚፈልጉት። አጥንታቸውን።

እዚህ ላይ ታሪኩን ትንሽ ልጥቀስ፣ ፊልሙ ራሱ ብዙ አያብራራውምና። እ.ኤ.አ. መስከረም 11 ቀን 1973 የቺሊ ጦር የፕሬዝዳንት አየንዴን መንግሥት ገለበጠ። ጄኔራል ፒኖቼት እስከ 1990 እ.ኤ.አ. ገዛ። ከ3,000 በላይ ሰው ተገደለ ወይም የገባበት ጠፋ። ቀኑን ወደኛ ስመልሰው መስከረም 1 ቀን 1966 ዓ.ም. ሆነብኝ። እንቁጣጣሽ። እዚህ አበባየሆሽ እየተባለ ሳለ እዚያ ቤተ መንግሥቱ በአውሮፕላን እየተደበደበ ነበር። የኛ ንጉሥ ከዙፋን የወረዱት ልክ በዓመቱና በአንድ ቀኑ ነው፣ መስከረም 2 ቀን 1967። ይህን ለአክስቴ ስነግራት ጣቷን ቆጥራ «እኔ ያኔ ዘጠነኛ ነበርኩ» አለች፣ ሌላ አልጨመረችም።

መፈንቅለ መንግሥቱ በተደረገበት ዓመት በጥቅምት ወር በሄሊኮፕተር ከከተማ ከተማ እየዞረ እስረኛ የሚገድል የጦር ቡድን ካላማ ደረሰ። ቺሊዎች የሞት ካራቫን ይሉታል። ካላማ ላይ 26 ሰው ገድሎ በረሃው ውስጥ ቀበራቸው። ነገሩ በዚያ ቢያበቃ አስከሬኑ ይገኝ ነበር፤ ያ አፈር ሬሳ አያበሰብስም። ከጊዜ በኋላ ግን ወታደሮቹ ተመልሰው መጥተው መቃብሩን በማሽን ቆፍረው አስከሬኖቹን ወደ ሌላ ቦታ አጋዙ። ማሽን ደግሞ ጠርጎ አይወስድም። የጣት አጥንት ይቀራል፣ ጥርስ ይቀራል፣ የራስ ቅል ስባሪ ይቀራል። እና ሴቶቹ እ.ኤ.አ. በ1990 ቦታውን ሲያገኙት ያገኙት ሰው ሳይሆን ስባሪ ነው። ከመካከላቸው አንዷ ካሜራው ፊት ቆማ መዳፏ ላይ ትንንሽ ነጫጭ ነገሮች አድርጋ ይህኛው የእግር ነው፣ ይህኛው የክንድ ነው እያለች ታሳያለች። ድንጋይ ይመስላሉ። ዓይኗ ለምዶ ከድንጋዩ ለይቶ ያነሳቸዋል። ዕድሜ ልክ ጤፍ ስትለቅም የኖረች እናት ጠጠሩን ሳትፈልግ እንደምታገኘው ማለት ነው።

እኛ ሟችን አፈር እናለብሳለን እንላለን። «አፈር ሳላለብሰው» ብሎ የሚያለቅስ ሰው ሰምታችኋል። ፊልሙን እያየሁ ይህ አባባል ከጭንቅላቴ አልወጣም አለ፣ ምክንያቱም እነዚህ ሴቶች የሚሠሩት ተቃራኒውን ነው። አፈሩን ያራግፋሉ። ሌላ ሰው፣ ያልተፈቀደለት ሰው፣ አልብሶባቸዋል። ያንን ገፈው፣ በእጃቸው ይዘው፣ እንደገና በራሳቸው እጅ ሊያለብሱ ነው የሚለፉት።

በነገራችን ላይ ያ በረሃ ሰው ማቆየት ያውቅበታል። በአካባቢው የቺንቾሮ ሕዝብ የሚባሉ የጥንት ሰዎች ሟቾቻቸውን ከ7,000 ዓመት በፊት ጀምረው እንዳይበሰብሱ እያዘጋጁ ይቀብሩ ነበር፣ ከግብፆቹ በፊት ማለት ነው፣ እስከ ዛሬም ይገኛሉ። ፊልሙ ውስጥ ላውታሮ ኑኜስ የተባለ የአርኪዮሎጂ ባለሙያ አለ። ሥራው እነዚያን የጥንት ሰዎች ማጥናት ነው፤ እረኞች ድንጋይ ላይ የሳሏቸውን ፊቶች ያሳየናል፣ ስለ አፈርም ለሴቶቹ ያስረዳቸዋል። የሺህ ዓመቱን ሰው ሙሉ አካሉን በእጁ ይነካል፣ ጎረቤቷን ሴትዮ ደግሞ የትናንትናውን ባሏን አጥታ ያገኛታል። ይህንን ሰውዬ በደንብ አዳምጡት። ከፊልሙ ሰዎች ሁሉ ነገሩን አጥርቶ የሚናገረው እሱ ነው።

ሌላው የምወደው ቦታ ቻካቡኮ ነው። ቻካቡኮ ድሮ ጨው መሰል ማዕድን ይወጣበት የነበረ የሠራተኞች መንደር ነው፣ ማዕድኑ ሲከስር ሰው ጥሎት ሄደ። የፒኖቼት ወታደሮች እስር ቤት ሲፈልጉ አዲስ መሥራት አላስፈለጋቸውም፣ የሠራተኞቹ ቤቶች ቆመዋል፣ ዙሪያውን ሽቦ መዘርጋት ብቻ ነው የቀራቸው። እዚያ ከታሰሩት አንዱ ሽማግሌ ሆኖ ተመልሶ ያስጎበኘናል። ሃያ የሚሆኑ እስረኞች ማታ ማታ እየተሰበሰቡ ስለ ከዋክብት ይማሩ ነበር። አስተማሪያቸው አብሯቸው የታሰረ ዶክተር ነው። የከዋክብቱን አቀማመጥ የሚለኩበት ነገር በእጃቸው ሠርተው ነበር። ሰውዬው ያንን ሲያወራ ድምፁ ውስጥ ነፃነት አለ፣ ሌላ ቃል አላገኘሁለትም። ወታደሮቹ በመጨረሻ ትምህርቱን ከለከሉ። እስረኞቹ በከዋክብት እየተመሩ ያመልጣሉ ብለው ፈሩ።

እዚህ ላይ ስንደርስ መብራት ጠፋ።

ላፕቶፑ ባትሪ ነበረው፣ ቴሌቪዥኑ ግን ጨለመ። በላፕቶፑ ትንሽ ስክሪን እንቀጥል ስላት አክስቴ «ቆይ፣ ይምጣ» አለች። በጨለማው ቁጭ ብለን ጠበቅን። ያኔ ነው ስለ አጎቴ ያወራችኝ። የእናቴም የእሷም ታላቅ ወንድም ነው፣ በ1970 ዓ.ም. ከሰፈር ተወስዶ አልተመለሰም። ይህን ድሮም አውቃለሁ፣ ፎቶው ሳሎናችን ውስጥ ተሰቅሎ ነው ያደግነው። ያላወቅኩት የአያቴን ነገር ነበር። አያቴ ተዝካር አላወጣችለትም። ፍታት አላስፈታችለትም። ዘመድ በየዓመቱ ይለምናታል፣ ንስሐ አባቷ ይመክሯታል፣ እሷ «ሳላየው?» ብላ ዝም ትላለች። ክረምት በወጣ ቁጥር ሸሚዙን ከሳጥን አውጥታ ፀሐይ ላይ ታሰጣዋለች፣ ብል እንዳይበላው፣ አጥፋ ትመልሰዋለች። እስክትሞት ድረስ። አክስቴ ይህን ስትነግረኝ አላለቀሰችም። ዕቃ የት እንደተቀመጠ የምትነግረኝ ያህል ነው የተናገረችው።

እርም ማውጣት የሚባል ነገር አለን። ሟቹን አይተህ፣ ወይ መቃብሩ ላይ ቆመህ፣ አልቅሰህ እርምህን ታወጣለህ፣ ከዚያ ኑሮ ይቀጥላል። ለቀይ ሽብር እናቶች ብዙዎቹ ይህ አልተፈቀደላቸውም። ለቅሶ መቀመጥ ተከለከሉ፣ ሬሳውን ለመውሰድ የጥይት ዋጋ የተጠየቁ አሉ፣ ሬሳ እንኳን ያላገኙ አሉ። ይህ ፊልም በቺሊ ቋንቋ የሚናገረው ስለዚሁ ነው። ስለ ትዝታ የተሠራ ፊልም ነው ይባላል፤ እኔ ግን እርሙን ስላላወጣ ሰው የተሠራ ፊልም ነው እላለሁ። ትዝታ ያለፈ ነገር ነው። እነዚህ ሴቶች ጋ ያለፈ ነገር የለም፣ ዛሬ ጠዋት አካፋ ይዘው ወጥተዋል።

ለዚህ ነው የከዋክብቱ ነገር ጌጥ ብቻ የማይሆነው። ጋስፓር ጋላስ የሚባል ተመራማሪ መጀመሪያ አካባቢ አንድ ነገር ያስረዳል፦ የምናየው ሁሉ ያለፈ ነው። የጨረቃ ብርሃን እኛ ጋ ለመድረስ ከአንድ ሰከንድ ትንሽ በላይ ይፈጅበታል፣ የፀሐይ ስምንት ደቂቃ፣ የሩቅ ከዋክብት ስፍር ቁጥር የሌለው ዓመት። ስለዚህ ሰማይ የሚያይ ሰው ድሮን ነው የሚያየው። በኋላ ስለ ሴቶቹ ሲጠየቅ ደግሞ ሁለቱም ያለፈን ነገር እንደሚፈልጉ፣ ልዩነቱ ግን እሱ ፈልጎ ሲያበቃ ሰላም እንቅልፍ መተኛቱ እንደሆነ ይናገራል። ሌላ ተመራማሪ ደግሞ በአጥንታችን ውስጥ ያለው ካልሲየም ከዋክብት ውስጥ የተሠራ መሆኑን ያሳያል። አንድ ቦታ ላይ የጨረቃ ገጽ የመሰለኝ ነገር፣ ጉድጓዱም ጥላውም ሁሉም የጨረቃ የሆነ ነገር፣ ቆይቶ የሰው ራስ ቅል ሆኖ አገኘሁት። ከሴቶቹ አንዷም ቴሌስኮፖቹ ሰማይን ብቻ ሳይሆን ከመሬት በታችም ቢያዩ ብላ ትመኛለች። ይህን ስተረጉምላት አክስቴ «እውነቷን ነው» አለች። ምሳሌ ወይም ቅኔ አድርጋ አልወሰደችውም። ቢኖር ይጠቅማል ነው ያለችው።

መብራቱ ከአንድ ሰዓት በላይ ቆይቶ መጣና ቀጠልን።

ከሴቶቹ ስለ አንዷ፣ ስለ ቪክቶሪያ፣ ሳልነግራችሁ አላልፍም፣ አስቀድሜ ግን ላስጠንቅቅ፣ ከባድ ነው። ወንድሟን ስትፈልግ ኖራ ያገኘችው አንድ እግሩን፣ ጥቂት ጥርሶችንና የራስ ቅሉን ስባሪዎች ነው። እግሩ ካልሲ አለው። ጠቆር ያለ ቀይ። ማታ ከአልጋዋ ተነስታ ሄዳ እንደዳሰሰችው፣ በማግስቱ ባሏ ሥራ ሲሄድ ጠዋቱን ሙሉ ከወንድሟ እግር ጋር እንደተቀመጠች ትናገራለች። ጉስማን እዚህ ላይ ሙዚቃ አላስገባም። ካሜራውን አላቀረበም፣ አላራቀም። በረሃው መሀል ቁጭ ብላ ትናገራለች፣ ነፋስ ፀጉሯን ያነሳዋል፣ በቃ። አንድ ሌላ ዳይሬክተር ይህን ሲነካካው ሊያበላሸው ይችል ነበር። እሱ እጁን ሰበሰበ። ለዚህ ብቻ ክብሬን እሰጠዋለሁ።

አክስቴ ካልሲውን ስትሰማ ወደኔ ዞረች። «ቀይ አለች?» አዎ፣ ጠቆር ያለ ቀይ። ራሷን ነቀነቀች። ሸሚዙ ምን ዓይነት እንደነበር እኔ አልጠየቅኳትም፣ እሷ ናት በኋላ ስትሸኝ በር ላይ የነገረችኝ።

እንግዲህ ያልወደድኩትንም ልናገር። አንደኛ፣ የሚያብለጨልጭ አቧራ። በተለያየ ቦታ ምስሉ ላይ እንደ ብልጭልጭ ዱቄት ያለ ነገር ይነሰነሳል፣ የከዋክብት አቧራ ለማለት ነው። መጀመሪያ ላይ ያምራል። ሰዎች ላይ ሲነሰነስ ግን በዛብኝ፣ በተለይ ከዚያ ሁሉ እውነተኛ አቧራ በኋላ አያስፈልግም ነበር። በረሃው ራሱ ይበቃዋል። ሁለተኛ፣ የድሮዎቹን የአካባቢውን ሰዎችና የማዕድን ሠራተኞቹን በፍጥነት ያልፋቸዋል። አገራችን እነሱንም ደብቃቸዋለች ይላል፣ ብሎ ግን ይሄዳል። የሠራተኞቹን መቃብሮች፣ የእንጨት መስቀሎቹን፣ በነፋስ የሚወዛወዙትን ማንኪያዎች አሳይቶን ስለነሱ ትንሽ እንኳን ቢቆይ ምን ነበረበት?

ሦስተኛው የኔ ሳይሆን የአክስቴ ነው። «የገደሉትን ለምን አይጠይቅም?» አለችኝ። ልክ ናት፣ በፊልሙ አንድም ወታደር አይጠየቅም። የት እንደወሰዷቸው የሚያውቁ ሰዎች በሕይወት ነበሩ፣ ጡረታቸውን እየበሉ። እኔ ፊልሙ ስለሚፈልጉት ነው እንጂ ስለደበቁት አይደለም ብዬ ልከራከር ሞከርኩ። «የሚያውቀውን ሳትጠይቅ አሸዋ ብትጠይቅ ምን ይልሃል?» አለችኝ። መልስ አልነበረኝም፣ አሁንም የለኝም። ጉስማን አውቆ ነው የተወው፣ ይህ ይገባኛል፣ ግን የሚያንገበግበው ሰው ሊኖር ስለሚችል ቀድማችሁ እወቁት።

ሰውዬው ግን ይህን የሚሠራው ከሩቅ ሆኖ አይደለም። መፈንቅለ መንግሥቱ ሲደረግ ወጣት ዳይሬክተር ነበር፣ የአየንዴን ዘመን በካሜራ እየቀረጸ። ተይዞ ሳንቲያጎ በሚገኘው ብሔራዊ ስታዲየም ሁለት ሳምንት ታሰረ። ሲፈታ ከአገር ወጣ፣ የቀረጸው ፊልም በስዊድን ኤምባሲ በኩል ተሻግሮለት ከስደት ሆኖ ጨረሰው። ካሜራማኑ ሆርሄ ሙለር አገር ቤት ቀረ። እ.ኤ.አ. በኅዳር 1974 ተወሰደ፣ እስከ ዛሬ አልተገኘም። ስለዚህ ጉስማን አሸዋው ላይ ካሜራ ሲያቆም እሱም የሚፈልገው ሰው አለው። ፊልሙ ውስጥ ይህን እያነሳ ራሱን አያስታቅፍም። ከዚህ በኋላ እ.ኤ.አ. በ2015 ስለ ባሕሩ፣ በ2019 ስለ ተራራው ሁለት ፊልሞች ሠርቷል፣ ሦስቱ እንደ አንድ ይታያሉ። እኔ የበረሃውን አስበልጣለሁ።

አንድ ባልና ሚስትም አሉ፣ ሳልጠቅሳቸው ላልፍ ነበር። ባልየው ሚጌል ላውነር አርኪቴክት ነው። ታስሮባቸው በነበሩ ካምፖች ቀን ቀን በእርምጃው እየለካ፣ ማታ ማታ በድብቅ እየሳለ፣ ስዕሉን ቀዳዶ ሽንት ቤት እየጣለ፣ ልኩን በጭንቅላቱ ይዞ ቆየ። ዴንማርክ በስደት ሲገባ ሁሉንም እንደገና ሳለው። ወታደሮቹ ስዕሎቹ ሲታተሙ ባዩ ጊዜ ደነገጡ፣ ካምፖቹን አፍርሰዋቸው ነበርና። አሁን አርጅቶ ከሚስቱ ጋር መንገድ ላይ ቀስ እያለ ሲሄድ እናየዋለን። ሚስቱ አልዛይመር ይዟታል። ጉስማን ሁለቱን የቺሊ ምሳሌ አድርጎ ነው የሚያያቸው፣ አንዱ የማይረሳ፣ አንዷ የምትረሳ። እኔ ግን ክንዷን የያዘበትን አያያዝ ነበር የማየው።

ስለ ምቾቱ ትንሽ ልበል። የመጀመሪያው ሃያ ደቂቃ ዘገምተኛ ነው። አሮጌ የጀርመን ቴሌስኮፕ ጥርሶቹ ሲዞሩ፣ የአንድ ቤት ወጥ ቤት፣ መስኮት፣ የዛፍ ጥላ። ልታቆሙት ትችላላችሁ፣ አታቁሙት። ምሽት ላይ ክፍሉን አጨልማችሁ እዩት፣ ቀን ላይ ጨለማ ትዕይንቶቹ አይታዩም። ሕፃናት ባይኖሩ ይሻላል፣ ደም የለበትም፣ ግን የደረቁ አስከሬኖች ይታያሉ። ቤታችሁ ውስጥ የጠፋበት ሰው ካለ ደግሞ አስቀድማችሁ ጠይቁት፣ እኔ ሳልጠይቅ ነው የከፈትኩት፣ እንደዚያ ማድረግ አልነበረብኝም።

አዲስ አበባ ያላችሁ ከፊልሙ በኋላ መስቀል አደባባይ ያለውን የቀይ ሽብር ሰማዕታት መታሰቢያ ሙዚየም ሂዱ፣ ወይም ሄዳችሁ ከነበረ እንደገና ሂዱ። የተከፈተው እ.ኤ.አ. በ2010 ነው፣ ፊልሙ በወጣበት ዓመት። መደርደሪያው ላይ አጥንት አለ፣ ልብስ አለ፣ ፎቶ አለ። እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ የቀይ ሽብር መቃብሮች ሲቆፈሩ ሊረዱ ከመጡት መካከል የአርጀንቲና የፎረንሲክ አንትሮፖሎጂ ባለሙያዎች እንደነበሩበት ብዙ ሰው አያውቅም፤ በራሳቸው አገር የጠፉ ሰዎችን አጥንት ሲለዩ የተማሩትን ሙያ ነው ይዘው የመጡት፣ ከቺሊ ተራራውን ተሻግሮ ካለው አገር። ከአክስቴ ጋር በሚቀጥለው ሳምንት ሄድን። የኛ አፈር እርጥብ ነው፣ አብዛኛውን ልብስ በልቶታል። መስታወቱ ፊት ቆማ ጨርቅ ጨርቁን ብቻ ነበር የምታየው።

ፊልሙን እንደገና ማየት ትፈልጋለች። እኔ በአፌ እየተረጎምኩላት ግን አልፈልግም አለች፣ የሴቶቹን ድምፅ ትሸፍንብኛለህ ነው የምትለው፣ ስፓኒሹ ባይገባትም ድምፃቸውን መስማት ትፈልጋለች። ማንበብ ደግሞ ታነባለች፣ የሚያስቸግራት እንግሊዝኛው ነው። ስለዚህ ማታ ማታ እያቆምኩ በአማርኛ ደብተር ላይ እየጻፍኩላት ነው፣ ደቂቃውን በዳር፣ ንግግሩን በመሀል። አሁን አርኪቴክቱ ክፍሉን በእርምጃው የሚለካበት ቦታ ደርሻለሁ። የቪክቶሪያን ክፍል ዘልዬ መጀመሪያ ጻፍኩት፣ እሱን ቀድማ ጠይቃኝ ስለነበር።